ሃም በመጥበሻ፣ በአናናስ ግሌዝ፦ ሳልቀምሰው እንዴት አጣፍጬ ልስራው?

ጽጌ ዘአሌክሳንድሪያ | ረቡዕ ማታ

ሰላም ለዚህ ቤት። ምግብ የምታውቁ እባካችሁ እርዱኝ።

ቨርጂኒያ ነው ያለሁት፣ ሆም ኬር እሰራለሁ። የምንከባከባቸው ሴትዮ 88 ዓመታቸው ነው። የፊታችን እሁድ የእነሱ ፋሲካ ነው፣ ለእኛ ደግሞ ሆሳዕና። ልጃቸው ሩቅ አገር ስላለ ዘንድሮ አይመጣም። «ለበዓሉ ምን ልስራልዎት?» ስላቸው «ሃም በአናናስ፣ እናቴ እንደምትሰራው» አሉኝ። ትንሽ ቆይተው ደግሞ «ካስቸገረሽ ግን ተይው» አሉ። አንጀቴን በሉት።

እኔ ሃም፣ ማለትም በጨው የተዘጋጀ የአሳማ እግር ሥጋ፣ በልቼ አላውቅም። ጾም ባይሆንም የአሳማ ሥጋ አልበላም። ስለዚህ አልቀምሰውም። በጾም የፍስክ ወጥ ሳልቀምስ ሰርቼ አውቃለሁ፣ ግን ወጥ ከልጅነቴ የማውቀው ነው። ሽታው ብቻ ይነግረኛል። ይሄኛው ምን እንደሚል አላውቅም።

ጊዜም የለኝም። ከቅዳሴ ወጥቼ ከቀኑ 7 ሰዓት ላይ ነው እሳቸው ጋ የምደርሰው። 8 ሰዓት ላይ ይበላሉ። ኦቨኑ ከተበላሸ ወር ስላለፈው ምድጃ ላይ ብቻ ነው የምሰራው።

ባለፈው ሳምንት ለሙከራ ሞክሬው ነበር። ስኳሩን፣ የአናናሱን ጭማቂና ሥጋውን አንድ ላይ መጥበሻ ላይ ጨመርኩ። አምስት ደቂቃ ሳይሞላ ጠቆረ። የጭስ ማንቂያው ጮኸ፣ ሴትዮዋ ደነገጡ። ሥጋው ራሱ ጠርዙ ተነስቶ እንደ ሳህን ጎበጠ። ለበዓሉ እንዲህ እንዲሆንብኝ አልፈልግም።

ሼፍ አብርሽ | ላስ ቬጋስ

እህቴ ጽጌ፣ አይዞሽ። ሆቴል ወጥ ቤት 14 ዓመት ሰርቻለሁ። ፋሲካ መጥቶ ሃም ያልተጠየቅንበት ዓመት ትዝ አይለኝም። ያንቺው በ20 ደቂቃ የሚያልቅ ነው።

መጀመሪያ የምትገዢውን እንነጋገር። ሙሉውን እግር እንዳትገዢ። «ሃም ስቴክ» የሚሉትን ነው። ከእግሩ መሃል የተቆረጠ ሰፊ ቁራጭ ነው፣ አብዛኛውን ጊዜ ትንሽ ክብ አጥንት አለው። ውፍረቱ አንድ ሳንቲሜትር ከግማሽ ይጠጋ። ከሳሳ ቶሎ ይደርቃል። ማሸጊያው ላይ ሙሉ በሙሉ የበሰለ መሆኑ ተጽፏል ወይ? እሱን ሳታነቢ እንዳትወስጂ። የተጻፈበት ከሆነ ያንቺ ሥራ ማሞቅና ፊቱን ማቅላት ነው።

ለምን ጎበጠ? ዙሪያውን የሚይዘው ስብና ጅማት ሲሞቅ ከሥጋው ቀድሞ ይኮማተራል። በመቀስ ጠርዙን በየሦስት ሳንቲሜትሩ ቁረጪው። ስቡን ብቻ፣ ሥጋው ውስጥ አትግቢ። ከዚያ ዝርግ ብሎ ይተኛል።

ለምን ጠቆረ? ስኳሩ ቀድሞ ገባ። ስኳር 160 ዲግሪ ሴልሺየስ አካባቢ መቅላት ይጀምራል። ከዚያ ትንሽ ካለፈ ይመራል። ባዶ መጥበሻ ደግሞ እዚያ ለመድረስ ደቂቃዎች ይበቁታል።

አሁን ዋናውን ልንገርሽ። ግሌዙን፣ ማለትም ሥጋው ላይ የሚፈሰውን ወፈር ያለ ጣፋጭ ሶስ፣ ለብቻው በትንሽ ድስት ስሪው። ውስጡ ያለው የአናናስ ጭማቂ፣ ቡናማ ስኳር፣ ሰናፍጭና አቼቶ ነው። አንድም የፍስክ ነገር የለውም። ሥጋው ሳይነካው በማንኪያ ቅመሺው! የሃሙ ጣዕም ከፋብሪካ ሲወጣ ያለቀ ነው፣ አንቺ የምትጨምሪበት ግሌዙን ብቻ ነው። እሱን ደግሞ መቅመስ ትችያለሽ።

ለ450 ግራም ቁራጭ፦ ከአናናስ ጣሳው ግማሽ ኩባያ ጭማቂ፣ ሁለት የሾርባ ማንኪያ ቡናማ ስኳር፣ አንድ የሾርባ ማንኪያ ሰናፍጭ፣ አንድ የሻይ ማንኪያ አቼቶ፣ በጣት ጫፍ የተያዘ የቅርንፉድ ዱቄት። ጣሳው በራሱ ጭማቂ የታሸገ ይሁን፣ በሲረፕ የተነከረው ከመጠን በላይ ይጣፍጣል። ሰናፍጩ እዚህ በጠርሙስ የሚሸጠው ለስላሳው ነው። እኛ ለጾም የምንበጠብጠው አፍንጫ የሚሰነፍጠው ከሆነ ግማሹ ይበቃል።

መካከለኛ እሳት ላይ ይንተክተክ። ከአራት እስከ ስድስት ደቂቃ። ማንኪያውን ንከሪና ጀርባውን እዪው። በጣትሽ መስመር ስታሰምሪበት መስመሩ ሳይገጥም ከቆየ ደርሷል። ሲቀዘቅዝ ስለሚወፍር ትንሽ ቀጠን እያለ አውርጂው። ስትቀምሺው «ትንሽ ኮምጠጥ አለ» ካልሽ ትክክል ነው። ጨው ጨርሶ አትጨምሪ፣ እሱን ሥጋው ይዞት ይመጣል። የብርቱካን ማርማላታ ካለሽ አንድ ማንኪያ ጣል አድርጊበት፣ ያብረቀርቃል።

ሥጋውን በወረቀት ፎጣ አድርቂው። መጥበሻው ላይ አንድ የሻይ ማንኪያ ዘይት፣ መካከለኛ እሳት፣ በእያንዳንዱ ጎን ሦስት አራት ደቂቃ። ቡናማ ነጠብጣብ ሲያወጣ ክብ ክቡን አናናስ ጎኑ ላይ አስተኝው፣ እሱም ይቅላ። በመጨረሻ እሳቱን ዝቅ አድርጊና ግሌዙን አፍስሺበት። አንድ ደቂቃ፣ ገልበጥ፣ አንድ ደቂቃ። በቃ።

ኡሙ ሐናን | ሲያትል

አሰላሙ ዐለይኩም ጽጌ። እኔም አዛውንቶች የሚኖሩበት ቤት እሰራለሁ። የእኔ ልምድ ትንሽ ይለያል። ሥራ ስጀምር የአሳማ ሥጋ እንደማልሰራ ተናገርኩ። በአክብሮት ነው የነገርኳቸው፣ እነሱም በአክብሮት ተቀበሉኝ። እሱን የምታበስለው ባልደረባዬ ናት፣ እኔ የሷን ሌላ ሥራ እይዝላታለሁ። ይህን የምጽፈው ሌሎች እህቶች «መናገር አይቻልም» ብለው እንዳያስቡ ነው። ይቻላል።

አንዳንዶቹ ደግሞ ቱርክ ሃም ይወዳሉ። ከቱርክ ታፋ የሚሰራ ነው፣ ሽታውም መልኩም ይቀራረባል። የወንድም አብርሽን ግሌዝ ለራሴ በሐላል ቱርክ እሞክረዋለሁ፣ ኢንሻላህ።

ጽጌ ዘአሌክሳንድሪያ

ወዐለይኩም ሰላም ኡሙ ሐናን፣ አመሰግናለሁ። ለኤጀንሲው ብናገር እኔንም ይሰሙኛል። ግን እኚህ ሴትዮ እናቴ ያረፈች ጊዜ አጠገቤ ተቀምጠው እጄን ይዘው ያደሩ ናቸው። ስለዚህ ልሰራላቸው ፈልጌ ነው እንጂ ማንም አላስገደደኝም።

ሼፍ፣ ግሌዙን ለብቻው የሚለው አእምሮዬን አሳረፈው። ለካ የምቀምሰው ነገር ነበረኝ!

ሶሊ ነርሷ | ሚኒሶታ

ጽጌዬ፣ ከመግዛትሽ በፊት ሁለት ነገር። ሴትዮዋ የደም ግፊት አለባቸው? የምግብ መመሪያቸው ላይ የጨው ገደብ ተጽፏል? 85 ግራም ሃም እንደ ዓይነቱ 1,000 ሚሊ ግራም ገደማ ሶዲየም ይይዛል። እዚህ አገር ለጤነኛ ትልቅ ሰው የሚመከረው የቀን ጣሪያ 2,300 ነው። በአንድ ትንሽ ቁራጭ ግማሹ ሊሄድ ነው። ሐኪማቸው ከከለከለ ክልክል ነው። ካልከለከለ ሶዲየሙ የተቀነሰውን ምረጪ፣ የዚያን ቀን ሌላ ጨዋማ ነገር አታቅርቢ። ሥጋውን ፍሪጅ ውስጥ ግማሽ ሰዓት ቀዝቃዛ ውኃ ውስጥ ብትነክሪው ጥቂት ጨው ይለቃል።

ሁለተኛው የማርማላታው ነገር ነው። አብርሽ ወንድሜ አትቀየመኝ። የኮሌስትሮል መድኃኒት የሚወስዱ ከሆነ ተጠንቀቂ፣ ለምሳሌ ሲምቫስታቲን ወይም አቶርቫስታቲን። ግሬፕፍሩት ከእነዚህ ጋር አይስማማም። መድኃኒቱ ደም ውስጥ ከሚፈለገው በላይ እንዲበዛ ያደርጋል። ሴቪል የሚባለው መራራ ብርቱካንም እንደዚያው ነው፣ የብርቱካን ማርማላታ ደግሞ ብዙ ጊዜ ከሱ ነው የሚሰራው። አንድ ማንኪያ ምን ያደርጋል ትሉኝ ይሆናል። ግን የአፕሪኮቱ እያለ ለምን? ፍራፍሬ ሁሉ አንድ አይደለም። ከተጠራጠርሽ ፋርማሲስቱ ጋ ደውይ፣ በሁለት ደቂቃ ይነግርሻል።

እንዲሁም በቀጭኑ ቁረጪላቸው። ሃም ሲደርቅ ጉሮሮ ይይዛል።

ሼፍ አብርሽ

ሶሊ፣ ምን እቀየማለሁ፣ እግዜር ይስጥሽ። ይህን አላውቅም ነበር። ጽጌ፣ ማርማላታ የምትጨምሪ ከሆነ የአፕሪኮቱን አድርጊው። እንዲያውም ከሃም ጋር እሱ ይሻላል።

እትዬ ብርቄ | ሲልቨር ስፕሪንግ

ጽጌ ልጄ፣ እንደምን ሰነበትሽ። ይህን ሥራ 21 ዓመት ሰርቻለሁ። መጀመሪያ ሰሞን እኔም ተጨንቄ ንስሐ አባቴን ጠየቅኳቸው። «ለራስሽ አልበላሽ፣ ሕመምተኛ እያበላሽ ነው፣ ተረጋጊ» አሉኝ። ያንቺን ደግሞ አንቺ ጠይቂ።

እኔ የማደርገውን ልንገርሽ። የሳቸው መጥበሻ፣ የሳቸው ቢላዋ፣ የሳቸው መክተፊያ ለብቻው ነው። የኔ ሽሮ የሚሰራበት ድስት እዚያ አይጠጋም። ጓንት አደርጋለሁ። ስጨርስ መጥበሻው ትንሽ ሳይቀዘቅዝ ሙቅ ውኃ አደርግበታለሁ፣ ስኳር ከደረቀ እንደ ድንጋይ ነው።

መቅመስ ካልቻልሽ አዳምጪ። ሥጋው መጥበሻ ሲነካ «ቸስ» ይላል። ይህ ውኃው ነው፣ ጥሩ ነው። እየቆየ ድምፁ እየቀነሰ፣ እየደረቀ፣ መንጣጣት ሲጀምር መገልበጫው ደርሷል። ሽታውም መጀመሪያ የጭስ ነው፣ በኋላ እንደ ተቆላ ለውዝ ይሆናል። የስኳር ምሬት አፍንጫሽን ወጋ ካደረገው አንሺው፣ አትጠብቂ።

ማቲ | አትላንታ

አንድ ማስጠንቀቂያ። ባለቤቴ አሜሪካዊት ናት። አንድ ጊዜ ለእናቷ ልስራ ብዬ «ካንትሪ ሃም» የሚል ቁራጭ ገዛሁ። ሃም ሁሉ አንድ መስሎኝ። በደረቅ ጨው ታሽቶ ለወራት የሚንጠለጠል ነው። አማቴ ሁለት ጊዜ ጎርሳ ውኃ ጠየቀች። በእንደዚህ ዓይነቱ ላይ ጣፋጭ ግሌዝ ማፍሰስ ጨውን አያጠፋም። እሱ ለረጅም ሰዓት ተዘፍዝፎ ነው የሚሰራው።

አንቺ ያለሽበት ቨርጂኒያ ደግሞ የካንትሪ ሃም አገር ነው። ስሚዝፊልድ የምትባል ከተማ አለች። በ1926 የወጣ የግዛቱ ሕግ «ስሚዝፊልድ ሃም» ለመባል እዚያው ከተማ ውስጥ መዘጋጀት አለበት ይላል። ስለዚህ መደርደሪያው ላይ ሁለቱም ጎን ለጎን ተቀምጠው ታገኛለሽ። በጨው ውኃ የተዘጋጀው እርጥቡ ነው ያንቺ።

የፍራንክፈርቷ

እዚህ ጀርመን የሚቀራረበው ካስለር ይባላል። ጨውና ጭስ የነካው የአሳማ ሥጋ ነው። ግን ተጠንቀቁ፣ ጥሬውም የበሰለውም ይሸጣል። ጥሬው በአብርሽ 20 ደቂቃ አይሆንም። አናናስና ሃምን ደግሞ ጀርመኖችም ይወዱታል። ከ1950ዎቹ ጀምሮ «ቶስት ሃዋይ» የሚሉት አላቸው፦ ዳቦ፣ ሃም፣ አናናስ፣ ላዩ ላይ አይብ። እኔ አልበላም፣ የምሰራበት ካፌ ግን አሁንም የሚያዙት አሉ። አብዛኞቹ ትልልቅ ሰዎች ናቸው። የልጅነታቸው ምግብ ነው።

ጽጌ ዘአሌክሳንድሪያ | ዓርብ ማታ

ሁላችሁንም እግዚአብሔር ይስጥልኝ። እትዬ ብርቄ፣ እንደርስዎ ያለ እናት አያሳጣን።

ሐኪም ቤት ደወልኩ። «ለበዓል አንድ ቀን፣ ትንሽ ቁራጭ፣ ጨው የቀነሰውን» አሉኝ። የኮሌስትሮል መድኃኒት ይወስዳሉ! አቶርቫስታቲን ነው። ሶሊ፣ ባትነግሪኝ የብርቱካኑን ማርማላታ ልገዛ ነበር።

አንድ ጥያቄ ቀረኝ። ጣሳውን ትቼ ትኩስ አናናስ ገዛሁ፣ ይሻላል ብዬ። ሥጋውን ዛሬውኑ ጭማቂው ውስጥ ዘፍዝፌ ላሳድረው?

ሼፍ አብርሽ

አይ! እንዳታደርጊው። ትኩስ አናናስ ውስጥ ብሮሜሊን የሚባል ኢንዛይም አለ። የሥጋን ፕሮቲን ይፈጫል። ሲያድር ላዩ እንደ ገንፎ ይላላል። የጣሳው ሲታሸግ ስለሚፈላ ኢንዛይሙ ሞቷል። ትኩሱን ገዝተሽ ከሆነ ችግር የለም፣ ጭማቂውን ድስት ላይ ካፈላሽው እሱም ይሞታል። ሳይፈላ ሥጋው ላይ አይደር ነው የምልሽ። የትኩሱ ጭማቂ ስኳሩ ስለሚለያይ እየቀመስሽ ሂጂ።

ቴርሞሜትር ካለሽ ደግሞ፦ ፋብሪካው ያሸገውን የበሰለ ሃም 60 ዲግሪ ሴልሺየስ ማድረስ ይበቃል። እነሱ 140 ፋራናይት የሚሉት ነው። ሱቅ ውስጥ ተፈትቶ እንደገና የታሸገ ከሆነ ግን 74 አድርሺው፣ 165 ፋራናይት ማለት ነው።

ጽጌ ዘአሌክሳንድሪያ | እሁድ ማታ

መጣሁ። ልንገራችሁ።

ከቅዳሴ ስወጣ ዘግይቼ ነበር። 7 ሰዓት ከሩብ ላይ ደረስኩ። የዘንባባ ቀለበቴን ከጣቴ አውልቄ መስኮቱ ጠርዝ ላይ አስቀመጥኩ። ጓንቴን አደረግኩ። ሴትዮዋ ወጥ ቤቱ በር ላይ ወንበራቸውን አስጠግተው ተቀመጡ።

ግሌዙን ጀመርኩ። የትኩሱን አናናስ ጭማቂ፣ ስኳሩን፣ ሰናፍጩን፣ አቼቶውን፣ ቅርንፉዱን፣ አንድ ማንኪያ የአፕሪኮት ማርማላታ። ሲንተከተክ ቤቱ ቅርንፉድ ቅርንፉድ ሸተተ፣ ልክ እንደኛ ሻይ። ቀመስኩት። በጣም ጣፋጭ ነው። ግማሽ የሻይ ማንኪያ አቼቶ ጨመርኩ። እንደገና ቀመስኩ። አሁን ምላሴን ቆንጠጥ አደረገኝ። ሼፍ ያልከው ይሄ ነው ብዬ አወረድኩት።

ሥጋውን ውኃ ውስጥ ግማሽ ሰዓት ማቆየት አልቻልኩም፣ ጊዜው አልበቃኝም። 15 ደቂቃ ብቻ ነው የቆየው። አድርቄ ጠርዙን ቆራረጥኩት። መጥበሻ ላይ ሲያርፍ «ቸስ» አለ። እትዬ ብርቄ እንዳሉኝ ዝም ብዬ አዳመጥኩ። ድምፁ እየሳሳ ሄደ፣ ከዚያ መንጣጣት ጀመረ። ገለበጥኩት። እንደ ጠይም የተቆላ ቡና ነጠብጣብ አውጥቷል። አልጎበጠም! አናናሱን ቀላ አድርጌ ግሌዙን አፈሰስኩበት። አብረቀረቀ። ቴርሞሜትሩ 63 አለ።

ሴትዮዋ ሳህኑን አይተው «ቼሪ አለሽ?» አሉኝ። እናታቸው የአናናሱ ቀዳዳ ውስጥ አንዳንድ ቀይ ቼሪ ታስቀምጥ ነበር ለካ። አልነበረኝም። ፍሪጅ ውስጥ እንጆሪ አገኘሁ፣ ግማሹን ቆርጬ መሃሉ ላይ አደረግኩ። ሳቁ። ዓይናቸውን ጨፍነው ነው የመጀመሪያውን የጎረሱት። ብዙ አላወሩም። የሰጠኋቸውን በሙሉ ጨረሱ። እሳቸው አብዛኛውን ጊዜ ግማሹን ነው የሚተዉት።

ከዚያ መስኮቱ ላይ ያለውን ቀለበት ምንድን ነው አሉኝ። ሆሳዕና ነው አልኳቸው። የሳቸው ያለፈው እሁድ ነበር። ቦርሳዬ ውስጥ የተረፈ ዘንባባ ነበረኝ። ለሳቸውም ቀለበት ሰርቼ ጣታቸው ላይ አደረግኩላቸው። አሁንም አላወለቁትም፣ ተኝተዋል።

እትዬ ብርቄ

እሰይ የኔ ልጅ! እጅሽ ይባረክ። እንባዬ መጣ።

ኡሙ ሐናን

ማሻአላህ ጽጌ። እኔም በቱርኩ ሰራሁት። ቱርኩ ከአሳማው ያነሰ ስብ ስላለው ቶሎ ደረቀብኝ። በሚቀጥለው በእያንዳንዱ ጎን ሁለት ደቂቃ ብቻ ነው የማደርገው። ልጆቼ ግን ግሌዙን በዳቦ ጠርገው ጨረሱት።

ሶሊ ነርሷ

ደስ ሲል! የተረፈውን በሁለት ሰዓት ውስጥ ፍሪጅ አስገቢው። ከሦስት እስከ አራት ቀን ይቆያል። ነገ ግን ሃም አትስጫቸው፣ ጨዉ ይረፍላቸው። ከነገ ወዲያ ትንሽ ከትፈሽ ከእንቁላል ጋር ብታደርጊላቸው ይበቃል።

ጽጌ ዘአሌክሳንድሪያ

እሺ ሶሊዬ። ሼፍ፣ ሳይተኙ አንድ ነገር አሉኝ። «በበጋ ደግሞ በኮክ ትሰሪልኛለሽ?» የጣሳ ኮክ ቤት ውስጥ አለ። ያው አሰራሩ ነው?

ሼፍ አብርሽ

ያው ነው፣ ግን የኮክ ጭማቂ እንደ አናናስ አይኮመጥጥም። የጣሳው ደግሞ በሲረፕ ከሆነ ስኳሩን ከሁለት ማንኪያ ወደ ግማሽ ማንኪያ አውርጂው። በአቼቶው ፈንታ የአንድ ሎሚ ግማሽ ጭመቂበት። ኮኩን ቀድመሽ አታስገቢ፣ ይፈራርሳል። መጨረሻ ላይ፣ ግሌዙ ከገባ በኋላ፣ ለአንድ ደቂቃ ብቻ። ቅርንፉዱን ትተሽ ዝንጅብል ሞክሪ።